ስለ ጦቢያ ታሪክና ስለ ውለታ

ሰው ከተወለደበት ቤት ወጥቶ የሚሄድበት ምክንያት ብዙ ነው። ነጋዴው ትርፍ ሊያገኝ ይሄዳል፤ ወታደሩ ሹመት ሊያገኝ ይሄዳል፤ በእኛ በጎጃም ደግሞ የቆሎ ተማሪው ደበሎውን ለብሶ፣ አኩፋዳውን አንግቶ፣ ቅኔ ሊማር ወደ ዋሸራ ወይም ወደ ዲማ ጊዮርጊስ ይሄዳል። የጀብዱ ታሪክ የሚባለው የመጽሐፍ ዓይነትም መነሻው ይኸው ነው። አንድ ልጅ ከቤቱ ይወጣል፤ በመንገድ መከራ ያገኘዋል፤ ከመከራውም አምልጦ ይመለሳል። እንግዲህ እንዲህ ያለውን መጽሐፍ የሚያነብ ወጣት ሁሉ አስቀድሞ ሊጠይቀው የሚገባ አንድ ጥያቄ አለ፤ ይኸውም «ይህ ልጅ ከቤቱ የወጣው ምን ፍለጋ ነው?» የሚል ነው። የመንገዱ ርዝመትና የመከራው ብዛት ልብን ያንጠለጥላል፤ የመጽሐፉን ዋጋ የሚያሳየው ግን ለዚህ ጥያቄ የሚገኘው መልስ ነው።

በአማርኛ ከተጻፉት ልብ ወለድ መጻሕፍት የመጀመሪያው የፍቅርና የጀብዱ ታሪክ ነው። የታተመውም በ1900 ዓ.ም.፣ ማለት በአውሮፓውያን አቆጣጠር በ1908፣ በሮማ ከተማ ነው። (ከዚህ በኋላ «ዓ.ም.» ካልተባለ በቀር ዓመቶቹ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።) ጸሐፊው ያወጡለት ስም «ልብ ወለድ ታሪክ» የሚል ነበር፤ አንባቢ ግን በታሪኩ ውስጥ ባለችው ልጅ ስም «ጦቢያ» ብሎ መጥራትን ለመደ። ዛሬ «ልብ ወለድ» እያልን የምንጠራው የድርሰት ዓይነት በሙሉ ስሙን የወረሰው ከዚህ መጽሐፍ መሆኑን ብዙ ወጣቶች አያውቁም።

ጸሐፊው አፈወርቅ ገብረ ኢየሱስ በ1868 በዘጌ ተወለዱ። ዘጌ ወደ ጣና ሐይቅ ገባ ያለች፣ በቡና ደንና በጥንታውያን ገዳማት የታወቀች ምድር ናት። ከዚያም በምኒልክ ፈቃድ ወደ ጣልያን አገር ተልከው ሥዕል ተማሩ፤ ቆይተውም በናፖሊ ከተማ በሚገኘው የምሥራቅ ቋንቋዎች ትምህርት ቤት አማርኛ አስተማሩ፤ የአማርኛም ሰዋስው ጻፉ። እንግዲህ መጽሐፉ የተጻፈው የአገሩ ቋንቋ ከማይነገርበት ምድር ተቀምጦ ቋንቋውን በሚናፍቅ ሰው እጅ ነው። ያነበበው ሁሉ የሚያደንቀው የአማርኛው ሀብት ነው፤ ቃል በቃል ላይ እየተደረበ፣ ምሳሌ ምሳሌን እየወለደ ይሄዳል።

ታሪኩ በአጭሩ እንዲህ ነው። በአንድ የክርስቲያን አገር ላይ፣ መጽሐፉ በዘመኑ ልማድ «አረመኔ» የሚለው ጦር ይነሣል፤ የክርስቲያኑም ወገን ይሸነፋል። ከተሸነፉት መካከል አንድ የጦር አለቃ ተማርኮ በባርነት ይያዛል። ይህ ሰው ዋሕድና ጦቢያ የሚባሉ መንታ ልጆች አሉት። አንድ ቸር ነጋዴ የቤተሰቡን መከራ ሰምቶ አባትየው የሚዋጅበትን ገንዘብ ይሰጣል፤ አባትም ነፃ ወጥቶ ይመለሳል። ሌላ ደራሲ ቢሆን ታሪኩን እዚህ ላይ በእልልታ ይፈጽመው ነበር። አፈወርቅ ግን ዋናውን ነገር ገና ከዚህ ይጀምሩታል። ዋሕድ ውለታውን ሳይመልስ በቤቱ መቀመጥ ስላልሆነለት ነጋዴውን ፍለጋ ይወጣል፤ በመንገድም ባሪያ ፈንጋዮች ይዘው ይሸጡታል። አባትና እኅት ደግሞ እሱን ፍለጋ ይወጣሉ፤ ጦቢያም የወንድ ልብስ ለብሳ፣ ወንድ መስላ ትጓዛለች። በኋላም በዚያ በአረመኔው ወገን እጅ ይወድቃሉ፤ የአረመኔው ንጉሥ ግን ደግ ሰው ሆኖ ይገኛል። ከንጉሡ ቤተ ዘመድ የሆነች ልዕልት ጦቢያን ወንድ መስላት ትወዳታለች። በመጨረሻ ምሥጢሩ ይገለጣል፤ ዋሕድም ይገኛል፤ ንጉሡ ክርስትና ተነሥቶ ጦቢያን ያገባል፤ ልዕልቲቱም ለዋሕድ ትዳራለች።

ወጣት አንባቢ ሆይ፣ ዋሕድ ከቤቱ የወጣበትን ሰዓት እስቲ ቆም ብለህ ተመልከተው። አባቱ ተመልሷል፤ ቤቱ ሰላም ነው፤ ውጣ ብሎ ያስገደደው የለም። ነጋዴውም ብድሬን መልሱ አላለም። ነገሩ ወደ ዳኛ ቢቀርብ የተጻፈ ውል፣ የቆመ ዋስ፣ የሚጠራ ምስክር የለም። ዕዳው የተጻፈው በልጁ ልብ ውስጥ ብቻ ነው። አገራችን ውለታ ቢስ የሆነውን ሰው «ወርቅ ላበደረ ጠጠር» ብላ ትተርትበታለች፤ ዋሕድ ይህ ተረት እንዳይደርስበት የሸሸ ልጅ ነው ማለት ይቻላል። ከእሱም በኋላ የሚወጡት ሁሉ በዚያው ክር የተሳቡ ናቸው፤ አባት ለልጁ፣ እኅት ለወንድሟ ያለባቸው ዕዳ ከቤት ያወጣቸዋል። በዚህ መጽሐፍ ውስጥ ለራሱ ጥቅም ሲል መንገድ የሚጀምር ዋና ሰው የለም።

ይህ ቀላል ነገር አለመሆኑን ለማየት በዚያው ዘመን በሌላ አገር የተጻፈ የጀብዱ ታሪክ አጠገቡ ብናስቀምጥ ይጠቅማል። «ልብ ወለድ ታሪክ» ከታተመ ከሁለት ዓመት በኋላ፣ በ1910፣ ጆን ቡካን የተባለ የስኮትላንድ ተወላጅ «ፕሬስተር ጆን» የሚባል መጽሐፍ አሳተመ። የመጽሐፉ ስም «ካህኑ ዮሐንስ» ማለት ሲሆን ነገሩ ለእኛ እንግዳ አይደለም። አውሮፓውያን በሩቅ ምድር ካህኑ ዮሐንስ የሚባል ታላቅ ክርስቲያን ንጉሥ አለ ብለው ለብዙ መቶ ዓመታት ሲያወሩ ኖረው፣ በኋላ ያ ንጉሥ የኢትዮጵያ ንጉሥ ነው አሉ። በ1520 ከፖርቱጋል መልእክተኞች ጋር ወደ ዐፄ ልብነ ድንግል የመጣው ቄስ ፍራንሲስኮ አልቫሬዝ እንኳ በ1540 በታተመው መጽሐፉ አገራችንን የካህኑ ዮሐንስ ምድር ብሎ ጠርቷታል።

የቡካን ታሪክ የሚፈጸመው ግን በደቡብ አፍሪካ ነው። ዴቪድ ክሮፈርድ የሚባል ወጣት አባቱ ሲሞትበት ትምህርቱን ትቶ በሱቅ ሊሠራ ወደዚያ ይሄዳል። እዚያም ላፑታ የሚባል ጥቁር ሰባኪ የካህኑ ዮሐንስ ወራሽ ነኝ ብሎ፣ ከጥንት የወረደ የቀይ ዕንቍ ሐብል በአንገቱ አስሮ፣ ሕዝቡን በነጮች ላይ ለማስነሣት ሲያሤር ያገኘዋል። ዴቪድ ብዙ አደጋ ያልፋል፤ ዐመፁ ይከሽፋል፤ ላፑታ ይሞታል፤ ዴቪድም ባለጠጋ ሆኖ ወደ አገሩ ይመለሳል። በእውነቱ ቡካን የጀብዱን ነገር አሳምሮ ያውቃል፤ መጽሐፉን የጀመረ ሰው ሳይጨርስ አያስቀምጠውም። ለላፑታም ቢሆን ግርማና ጀግንነት አልነፈገውም፤ ዴቪድ ራሱ ያደንቀዋል። ዳሩ ግን «ልጁ የወጣው ምን ፍለጋ ነው?» ብለን ስንጠይቅ መልሱ ዕድልና እንጀራ ፍለጋ ነው፤ ያገኘውም ሀብት ነው። የዚያ ምድር ሰዎች በምድራቸው ላይ ያላቸው መብት በዴቪድ ልብ ውስጥ እንደ ዕዳ አይቆጠርም፤ እንዲያውም ነጭ ሰው የተፈጠረው ሊያስተዳድር፣ ጥቁር ሰው ሊተዳደር እንደሆነ አድርጎ ይናገራል። አንባቢው ልጅ በጀብዱው ሲደሰት ይህን ሐሳብ ሳያላምጥ ይውጠዋል። ስለዚህ ነው ጥያቄውን አስቀድመህ ጠይቅ የምልህ።

አሁን ወደ አገራችን መጽሐፍ እንመለስ። ማመስገን ብቻ የሒስ ሥራ አይደለምና ጉድለቱንም መናገር ይገባል።

የመጀመሪያው ጉድለት የታሪኩ ሰዎች ከመጀመሪያ እስከ መጨረሻ በአንድ መልክ መኖራቸው ነው። ዋሕድ ደግ ሆኖ ይጀምራል፤ ደግ ሆኖ ይጨርሳል። ሰው በባርነት ተይዞ ሲኖር «ውለታውን እመልሳለሁ ብዬ ባልወጣሁ ኖሮ» እያለ ሌሊት የሚያስብበት፣ ደግነቱን ራሱን የሚረግምበት ሰዓት አይጠፋውም። ይህን ትግል ብናይ ደግነቱ ይበልጥ ይከብርልን ነበር። ሁለተኛው ጉድለት ታሪኩ የተፈጸመበት ስፍራ በምድር ላይ የማይጨበጥ መሆኑ ነው። የዘጌ ልጅ በጻፉት መጽሐፍ ውስጥ አንባቢው ጣናን ቢፈልግ አያገኝም፤ ዓባይንም አይሻገርም።

ሦስተኛው ጉድለት ከሁሉ ይከብዳል። ዋሕድ ሲሸጥ አንባቢው ያለቅሳል። ግን የሚያለቅሰው ዋሕድ ሰው ስለሆነ ነው ወይስ የጌታ ልጅ ስለሆነ? መጽሐፉ በታተመበት ዘመን ሰው በአገራችን ይሸጥና ይገዛ ነበር፤ ባርነትን በሕግ ፈጽሞ የሻረው አዋጅ የወጣው በ1942 ነው። በዋሕድ አጠገብ ታስረው የተነዱ፣ አባታቸው የጦር አለቃ ያልሆነ፣ የሚፈልጋቸው እኅት ያልነበራቸው ስንቶች ነበሩ? የታሪኩ ደስታ ለዋሕድ ሲደርስ እነርሱ ዘንድ አይደርስም። ይህን ስል መጽሐፉን ለመንቀፍ ብቻ አይደለም፤ መጽሐፉ የከፈተውን በር ጨርሶ አለመግባቱን ለማሳየት ነው። ውለታ የሚያውቅ ልብ የምናውቀውን ሰው ካመሰገነ በኋላ የማናውቀውንም ሰው መከራ ማሰብ ይገባዋልና።

መጨረሻውም እንዲሁ በጣም የተመቸ ነው። ጠላት የነበረው ወገን በአንድ ጊዜ ወዳጅ ይሆናል፤ ጦርነቱ በሠርግ ያልቃል። ጦቢያ የሚለው ስም ኢትዮጵያ የሚለውን ስም የሕዝብ አፍ ያሳጠረው መሆኑን ለሚያውቅ ሰው ሠርጉ ከሁለት ሰዎች ጋብቻ የበለጠ ትርጉም አለው። የቅኔ ተማሪ ሰሙን ትቶ ወርቁን እንደሚፈልግ፣ አንባቢም እዚህ ላይ የአገርን አንድነት ያያል። ምኞቱ መልካም ነው። ነገር ግን በሃይማኖትና በወገን የተለያዩ ሰዎች አብረው የሚኖሩት አንዱ ሌላውን ሲሆን ብቻ ነው ብሎ የሚጨርስ ታሪክ፣ ለሠርጉ ያልተጠሩትን ብዙ ጎረቤቶች ረስቷል።

ጦቢያን ራሷን ግን ሳናመሰግን ማለፍ አይገባም። በዚያ ዘመን ለሴት ልጅ የተሰጣት ስፍራ ጓዳ ነበር፤ ጸሐፊው ግን ከጓዳ አውጥተው መንገድ ላይ አቆሟት። ከሃምሳ ስምንት ዓመት በኋላ፣ በ1958 ዓ.ም.፣ በደብረ ማርቆስ አካባቢ የተወለዱት ሐዲስ ዓለማየሁ «ፍቅር እስከ መቃብር»ን ሲያሳትሙ፣ የፊታውራሪ መሸሻ ልጅ ሰብለ ወንጌልም የመነኩሴ ልብስ ለብሳ በዛብህን ፍለጋ ትወጣለች። ሁለቱ ሴቶች አንድ መንገድ ይሄዳሉ፤ የአንዲቱ መንገድ ወደ ሠርግ፣ የሌላይቱ ወደ መቃብር ያደርሳል። ሐዲስ ምድሩን ማንኩሳ፣ ዲማ እያሉ በስሙ ጠሩት፤ መከራውንም በቀላሉ አላስታረቁትም። የመጀመሪያው መጽሐፍ የጎደለውን ሁለተኛው ሞላው ቢባል ሐሰት አይሆንም፤ ሁለቱም ከጎጃም ልጆች እጅ መውጣታቸውም ለእኛ ኩራት ነው።

ነገር ግን ኩራቱን የሚያሳምም ነገር አለ፤ እሱንም ለወጣት አንባቢ መደበቅ አይገባም። አፈወርቅ በዐድዋ ጦርነት ዘመን ከጣልያኖች ጋር ወግነው ነበር። ይሁን እንጂ በኋላ አገራቸው ተቀብላ ሾመቻቸው፤ በድሬዳዋ የጉምሩክ ሹም ሆኑ፤ በአዲስ አበባ በዳኝነት ተቀመጡ፤ ወደ ሮማም በመልእክተኛነት ተላኩ። ጣልያን በ1936 አገራችንን ሲይዝ ግን ለገዢው አድረው «አፈ ቄሣር» የሚል ማዕረግ ተቀበሉ። በዚያው ዘመን በጎጃም በላይ ዘለቀና ሌሎች አርበኞች በዱር በገደል ይዋጉ ነበር። ሐዲስ ዓለማየሁ በበኩላቸው ከራስ እምሩ ጦር ጋር ተሰልፈው ተዋግተው፣ ተማርከው፣ ጣልያን አገር በእስር ለዓመታት ኖሩ። አገሪቱ ነፃ ከወጣች በኋላ አፈወርቅ ወደ ጅማ ተግዘው በ1947 እዚያው ሞቱ።

ስለ ውለታ ከሁሉ በፊት በአማርኛ ልብ ወለድ የጻፈ ሰው፣ ይቅር ብላ ለሾመችው አገር ጠጠር መለሰላት። እንግዲህ ምን እናድርግ? አንዳንዱ «የከዳ ሰው መጽሐፍ አይነበብ» ይላል። ሌላው ደግሞ «መጽሐፉ ካማረ የሰውየው ኑሮ ምን አገባን» ይላል። ለእኔ ሁለቱም መንገዱን ያሳጥራሉ። የመጀመሪያው መጽሐፉን ቢጥለው፣ ከአፈወርቅ ምንም ሳይቀንስባቸው ከራሱ ይቀንሳል፤ የቋንቋውን ሀብትና የዋሕድን ምሳሌ ያጣል። ሁለተኛው ደግሞ ቃልና ሥራ መለያየታቸው ምንም አይደለም ብሎ ወጣቱን ያስተምራል፤ ይህም ከሁሉ የከፋ ትምህርት ነው።

የሚሻለው መጽሐፉን ማንበብ፣ በመጽሐፉም ቃል ጸሐፊውን መመዘን ነው። ዋሕድን የፈጠሩት እርሳቸው ናቸውና ዋሕድ ቢፈርድባቸው ፍርዱ የባዕድ ፍርድ አይሆንም። አንድ ሰው ስለ መልካም ነገር አሳምሮ ማወቁ፣ አሳምሮም መጻፉ መልካሙን ለማድረግ እንደማይበቃው ከዚህ የበለጠ ማስረጃ አይገኝም። ይህም የሚነካው ጸሐፊዎችን ብቻ አይደለም፤ ስለ ዋሕድ ደግነት አንብቦ ዓይኑ እንባ ያቀረረው አንባቢ፣ መጽሐፉን ዘግቶ ያስተማረውን መምህር በመንገድ ላይ እንዳላየ ቢያልፈው፣ በጥቂቱም ቢሆን የአፈወርቅን መንገድ ጀምሯል።

ስለዚህ፣ ልጄ፣ «ጦቢያ»ን ፈልገህ አንብብ፤ አንቺም አንብቢ። ቋንቋውን ቅሰሙ፤ ጉድለቱን ለዩ፤ የጸሐፊውንም ኑሮ አትርሱ። የእንግሊዙንም የጀብዱ መጽሐፍ ብታገኙ አንብቡት፤ ጥያቄውን ግን ይዛችሁ ግቡ። ከዚያ በኋላ ከእናንተ መካከል ለትምህርት ከቤቱ የወጣ ሁሉ ያለበትን ዕዳ ይቁጠር። ስንቅ የቋጠረች እናት አለች፤ ቤት ኪራይ ሲያጥር ጥቂት ቀን የታገሠ አከራይ አለ፤ ስሙን ሳይጠይቁ ለቆሎ ተማሪ ቁራሽ የሰጡ ባልቴት አሉ። እነዚህ ሰዎች ብድራችንን መልሱ አይሉም፤ አንዳንዶቹም እስክንመለስ አይቆዩም። በሕይወት ያሉትን ሄዶ መጠየቅ፣ የሌሉትን ውለታ ደግሞ ዛሬ ስንቅ ላነሰው ለሌላው ተማሪ መክፈል ይቻላል። ዋሕድ ነጋዴውን ፍለጋ ሲወጣ የሄደበት መንገድ ይህ ነውና።